የ31 ኳሱ መቶ ይሰበራል ወይ? ትልቁስ የቱ ነው?

«በክሪኬት የደቡብ አፍሪካው ዴቪሊየርስ የ31 ኳስ መቶ ይሰበራል ወይ? ከፈጣን መቶዎች ሁሉ ትልቁስ የቱ ነው?» ብለህ ለጠየቅከው ወንድሜ፦ መሰበሩስ ይሰበራል፣ ግን ቶሎ አይመስለኝም። ትልቁ የቱ ነው ላልከው ደግሞ የኔ ምርጫ ከሰንጠረዡ አናት ላይ የተቀመጠው አይደለም። (መቶ ማለት አንድ መቺ ብቻውን 100 ራን፣ ማለትም ነጥብ፣ ሲያስቆጥር ነው፤ ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

በአማተር ጨዋታዎች ላይ ለዓመታት ነጥብ መዝግቤያለሁ። «እገሌ መቶ ገባ» ሲሉኝ «በስንት ኳስ?» ከማለቴ በፊት «ለመምታት መቼ ነው ሜዳ የገባው?» ማለት ልማዴ ሆኗል። ኳስ መቁጠሩ ራሱ ጣጣ አለው፤ ዋይድ (ከመቺው የራቀ ውርወራ) ለመቺው አይቆጠርም፣ ኖ ቦል (ሕግ የጣሰ ውርወራ) ግን ይቆጠራል። ይህን የማያውቅ ተጫዋች ከጨዋታ በኋላ መጥቶ ከደብተሬ ጋር ግብግብ ይገጥማል።

ዴቪሊየርስን እንይ። ጃንዋሪ 18 ቀን 2015፣ ጆሃንስበርግ፣ ዋንደረርስ ሜዳ፣ ተጋጣሚ ዌስት ኢንዲስ፣ ጨዋታው ለየቡድኑ 50 ኦቨር (አንድ ኦቨር ስድስት ኳስ ነው) የሚሰጠው የአንድ ቀኑ ዓይነት። የቡድን ጓደኞቹ አምላ እና ሩሶ ዊኬት ሳይወድቅ (መቺ ሳይወጣ) 247 ራን ደርድረው፣ አሥራ አንድ ኦቨር ተኩል ብቻ ሲቀር ለመምታት ገባ። ቶሎ ቢወጣ የሚወቅሰው የለም፣ ቦውለሮቹም (ኳስ ወርዋሪዎቹ) ጉልበታቸው አልቋል። ከተማዋ ከባሕር ጠለል በላይ ከ1,700 ሜትር ከፍ ብላ ስለተቀመጠች አየሩ ስስ ነው፣ የተመታ ኳስ ሩቅ ይሄዳል። መዝገቡን አጠገብህ አድርገህ ደምረው፦ በ44 ኳስ 149 ራን፣ 16 ሲክስ (መሬት ሳይነካ ድንበር ያለፈ፣ ስድስት ራን)፣ 9 ፎር (መሬት ነክቶ ድንበር ያለፈ፣ አራት ራን)። 132ቱን ያገኘው ሳይሮጥ ነው ማለት ነው። ከቀሩት 19 ኳሶች 17 ራን ብቻ ነው ያወጣው።

አሁን ወደ ሕጉ እንምጣ፤ ብዙ ሰው የሚዘለው ይህን ነው። ያኔ ከውስጠኛው ክብ ውጪ መቆም የሚችሉት ፊልደሮች (የመቺውን ኳስ የሚይዙት ተጫዋቾች) አራት ብቻ ነበሩ። በዚያው ዓመት ጁላይ ላይ ለመጨረሻዎቹ 10 ኦቨሮች አምስት ተፈቀዱ። አንድ ሰው ምን ለውጥ ያመጣል እንዳትል። ዴቪሊየርስ ተንበርክኮ የፈጣን ቦውለር ኳስ ከኋላው ፋይን ሌግ በሚባለው ጥግ በኩል ያሻግራል። ካፒቴኑ እዚያ ሰው ልኮ ሲዘጋበት ሌላው ጎን ክፍት ይሆናል፤ በአራት ሰው ሁሉንም መዝጋት አይቻልም። ከጁላይ 2025 ወዲህ ደግሞ በየተራ ከሚወረወሩት ሁለት ኳሶች ከ34ኛው ኦቨር በኋላ የሚቀጥለው አንዱ ብቻ ነው፤ ኳሱ ያረጃል፣ ይለሰልሳል፣ እንደ ድሮው ከባት (ከመምቻው) ላይ አይፈናጠርም። አይሰበርም አልልም፣ ከበደ ነው የምለው። የፓኪስታኑ አፍሪዲ በ1996 ናይሮቢ ላይ ያስመዘገበው የ37 ኳስ መቶ ከ17 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው የኒውዚላንዱ ኮሪ አንደርሰን በ36 ያሻሻለው፤ እሱም በዝናብ ምክንያት ወደ 21 ኦቨር ባጠረ ጨዋታ።

ቴስት (እስከ አምስት ቀን የሚፈጀው ጨዋታ) ላይ የፊልደር ገደብ የለም ማለት ይቻላል፤ ካፒቴኑ ከፈለገ ዘጠኙንም ድንበር ላይ ይደረድራል። ለዚህ ይመስለኛል የዌስት ኢንዲሱ ሪቻርድስ በ1986 አንቲጓ ላይ የገባው የ56 ኳስ መቶ በ30 ዓመት ውስጥ በሁለት ኳስ ብቻ የተሻሻለው። የፓኪስታኑ ሚስባህ በ2014 እኩል ደረሰበት፣ የኒውዚላንዱ ማክለም በ2016 ክራይስትቸርች ላይ በ54 ሰበረው። ማክለም የመጨረሻ ቴስቱ ነበር፣ ቡድኑም በ32 ራን ሦስት ዊኬት ወድቆበታል። 39 ራን ላይ እያለ የመታው ኳስ በአየር ላይ ተይዞበት ሊወጣ ነበር፤ ኳሱ ኖ ቦል ሆኖ ተረፈ እንጂ ዛሬ ስለዚህ መቶ ባላወራን።

ለኔ ግን ከእነዚህ ሁሉ የኬቨን ኦብራየን ይበልጣል። 2011፣ የዓለም ዋንጫ፣ ባንጋሎር። አየርላንድ እንግሊዝ ያስመዘገበችውን 327 እያሳደደች አምስት ዊኬት በ111 አጥታለች፤ ቀሪ ሕይወት የላትም ስትባል ሰውየው በ50 ኳስ መቶ ገባ፣ አሸነፉም። በቁጥር ካየኸው ማክስዌል በ2023 ዴልሂ ላይ በኔዘርላንድስ ላይ በ40 ኳስ ገብቷል፣ አሥር ኳስ ይበልጠዋል። ግን የማክስዌል መቶ ባይኖርም አውስትራሊያ አትሸነፍም ነበር። የኦብራየን ባይኖርስ?

ቲ20ን (ለየቡድኑ 20 ኦቨር ብቻ ያለውን አጭሩን ጨዋታ) በአጭሩ ልለፈው። በ2024 የኤስቶኒያው ሳሂል ቻውሃን በቆጵሮስ ላይ በ27 ኳስ መቶ ገብቷል፤ የዌስት ኢንዲሱን የጌይልን የ2013 የአይፒኤል (የሕንድ ሊግ) 30 ኳስ አልፎታል ማለት ነው። ከ2019 ጀምሮ የዓለም አቀፉ የክሪኬት ምክር ቤት አባል አገሮች ሁሉ የቲ20 ጨዋታ ዓለም አቀፍ ተብሎ ስለሚመዘገብ ሰንጠረዡ ላይ የማይነጻጸሩ ቦውለሮች ጎን ለጎን ይሰለፋሉ። ልጁን ለማሳነስ አይደለም፣ 18 ሲክስ በየትም ቢሆን 18 ሲክስ ነው።

ሰው ሁሉ የሚረሳውን አንድ ልጨምርልህ፦ የዌስት ኢንዲሷ ዲአንድራ ዶቲን። በ2010 የሴቶች የዓለም ቲ20 ላይ፣ ሴንት ኪትስ ውስጥ፣ ቡድኗ አራት ዊኬት አጥቶ ገብታ ደቡብ አፍሪካ ላይ በ38 ኳስ መቶ ሞላች። በሴቶች ዓለም አቀፍ ቲ20 የመጀመሪያው መቶ እሱ ነው። በወንዶቹ ዓለም አቀፍ ቲ20 የደቡብ አፍሪካው ዴቪድ ሚለር በኦክቶበር 2017 በ35 ኳስ መቶ እስኪገባ ድረስ ከሷ የፈጠነ ወንድ አልነበረም።