«የሻይ» ተብሎ የገባው ገንዘብ

ጥያቄ፦ የምጽፈው ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ነው። ከሁለት ጓደኞቼ ጋር «ጃምፕ አልቲሜት ስታርስ» የተባለውን የኒንቴንዶ ዲኤስ የድብድብ ጌም ከጃፓንኛ ወደ አማርኛ ተርጉመናል። ለሰው የምንሰጠው ፓቹን፣ ማለትም ጌሙ ላይ ሲጨመር ጽሑፉን ወደ አማርኛ የሚቀይረውን ፋይል ብቻ ነው፤ ጌሙን አይደለም። ወጪያችንን ከመሸፈን ያለፈ ትርፍ የለንም። ያስጠይቀናል?

መልስ፦ ፊደላችንን በዚያች ትንሽ ስክሪን ላይ ለማስገባት የከፈላችሁት ልፋት ይገባኛል። ግን አዎ፣ ሊያስጠይቅ ይችላል። በአሜሪካ የቅጂ መብት ሕግ ትርጉም የባለመብቱን ፈቃድ ይጠይቃል። የአገራችን አዋጅ ቁጥር 410/1996ም እንዲሁ ነው። ጌሙ እ.ኤ.አ. በ2006 ጃፓን ውስጥ ብቻ መውጣቱ ወይም ካሴቱን መግዛትዎ ይህን አይለውጠውም።

እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነው። «ወጪያችንን ከመሸፈን» ብለዋል። የሸፈነው ማን ነው? ስንት ገባ? በማን አካውንት? ወንድሜ፣ መጀመሪያ ሊነግሩኝ የሚገባው ይህን ነበር።

ደንበኞቼ ደጋግመው የሚወድቁት እዚህ ላይ ነው። «የሻይ ነው፣ መዋጮ ነው» ይላሉ። ሕጉ ስሙን አያይም። ሆን ብሎ መብት መጣስ ለገንዘብ ጥቅም ሲሆን ወንጀል ሊሆን ይችላል። ጥቅም ማለት ደግሞ ዋጋ ያለው ማንኛውም ነገር ነው፤ እጅዎ ባይገባም እንኳ አገኛለሁ ብሎ መጠበቅ ይበቃል። ስለዚህ «አልተረፈኝም» ማለት አያድንም።

እ.ኤ.አ. በ1998 የተወሰነ አንድ የይግባኝ ጉዳይ አለ። ማይክሮ ስታር የተባለ ድርጅት ተጫዋቾች ለ«ዱክ ኑከም 3ዲ» ጌም የሠሯቸውን 300 ደረጃዎች (ሌቭሎች) ሰብስቦ በሲዲ ሸጠ። «ፋይሎቹ ውስጥ የጌሙ ሥዕል የለም» ብሎ ተከራከረ። ፍርድ ቤቱ አልተቀበለውም። ልብ ይበሉ፣ ባለመብቱ ተጫዋቾቹ በነጻ እንዲለዋወጡ ፈቅዶ ነበር። ጠቡ የመጣው ከገንዘቡ ነው። እናንተ ደግሞ የነጻው ፈቃድ እንኳ የላችሁም።

ፍርድ ቤት መብቱ ለተጣሰ ለአንድ የፈጠራ ሥራ ከ750 እስከ 30 ሺህ ዶላር፣ ሆን ተብሎ ከተጣሰ እስከ 150 ሺህ ዶላር ካሳ ሊወስን ይችላል።

ገንዘብ መቀበሉን ዛሬውኑ ያቁሙ። የባንክ ወረቀቱን፣ የሰጪዎቹን ዝርዝር፣ ከጓደኞችዎ ጋር የተጻጻፉትን ሁሉ ይሰብስቡ። ደንግጠው ምንም እንዳያጠፉ፤ ማጥፋቱ ራሱ ሌላ ጣጣ ያመጣል። ከባለመብቱ ደብዳቤ ከደረሰዎ በራስዎ አይመልሱ። በቅጂ መብት የሚሠራ ጠበቃ በአካል ያማክሩ፤ የእኔ መልስ እሱን አይተካም። ጌሙ የተጫነበት ሚሞሪ ለአንድ ሰው እንኳ ሰጥታችሁ ከሆነ፣ ለጠበቃው ገና ከመጀመሪያው ይንገሩት።