ሙዚየም ውስጥ ጽዳት ልቀጠር ወይስ ይቅርብኝ?

ሰላም ወንድሜ። ደብዳቤህን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ሥዕል ተምረህ ተመርቀሃል፣ እናትህ ሸክላ ይሠራሉ፣ የተገኘው ሥራ ደግሞ የሙዚየም ጽዳት ነው። «ዲግሪ ይዤ መጥረጊያ?» ብለሃል። እኔ ግባ እልሃለሁ። ደሞዙ ትንሽ እንደሆነ አውቃለሁ፣ ግን አንድ ሰው ላስታውስህ።

ጁሊያን ማርቲኔዝ ይባላል። አሜሪካ፣ ኒው ሜክሲኮ ውስጥ ሳን ኢልዴፎንሶ የሚባል፣ ፑዌብሎ የሚባሉት የአገሬው ተወላጆች መንደር አለ፤ የዚያ ሰው ነበር። ሠዓሊ ነበር። መጀመሪያ በአካባቢው የጥንት ፍርስራሽ ሲቆፈር የጉልበት ሥራ ሠራ፣ በኋላ ሳንታ ፌ ያለው ሙዚየም ጽዳት ገባ። እዚያ የድሮ ማሰሮዎች ላይ ያሉትን ንድፎች እያየ ይገለብጥ ነበር።

ሚስቱ ማሪያ ሸክላ ሠሪ ነበረች። ሸክላ የሚሠራበት የሚሽከረከር መንኰራኩር አልነበራትም። ጭቃውን እንደ ገመድ እያድበለበለች አንዱን ባንዱ ላይ ትደርብ ነበር፣ ከዚያ በለስላሳ ጠጠር እስኪያበራ ታሸው ነበር፣ እሱ ይስልበት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1919 አካባቢ ስማቸውን ያስጠራውን ጥቁር በጥቁር ሸክላ አገኙ። ጁሊያን በተወለወለው ገጽ ላይ በቀጭን የጭቃ ውሃ ይስል ነበር፣ ለምሳሌ ቀንድ ያለውን የውሃ እባብ። ሸክላው እሳት ውስጥ እያለ የደቀቀ የፈረስ ፋንድያ ይደፋበታል። እሳቱ ይታፈናል፣ ጭሱ መውጫ ያጣል፣ ቀዩ ሸክላ ይጠቁራል። የታሸው ያበራል፣ ሥዕሉ ያረፈበት ድብዝዝ ይላል። ሌላ ቀለም የለበትም!

አንተም ቤትህ ውስጥ ግማሹ አለህ። እናትህ ጭቃውንና እሳቱን ያውቃሉ፣ አንተ እጅህ ይስላል። የጎደለህ የድሮ ዕቃ በየቀኑ በቅርብ ማየት ነው፣ ያንን ደግሞ ይሄ ሥራ ይሰጥሃል።

አንድ ነገር ግን ከወዲሁ አስተካክል። እዚያ ሸክላ የሴት ሥራ ነው ይባል ስለነበር መጀመሪያ ዕቃቸው ላይ የሚፈረመው የማሪያ ስም ብቻ ነበር፣ የጁሊያን በኋላ ነው የተጨመረው። በእናንተ ቤት የሚረሳው የእናትህ ስም እንዳይሆን እሰጋለሁ፤ የተማርከው አንተ ነህና። ከመጀመሪያው ዕቃ ጀምሮ ሁለታችሁም ፈርሙ፣ ስለ ገንዘቡም ዕቃው ሳይሸጥ በፊት ተነጋገሩ።

ውሉን ከመፈረምህ በፊት ኃላፊውን ጠይቅ፤ ከፈረቃ በኋላ ቁጭ ብዬ መሳል ይፈቀድልኛል? እምቢ ካሉ ጻፍልኝ፣ ሌላ ቦታ አብረን እንፈልጋለን።