«ሁሉን ያካተተ» ዋጋ

ጥያቄ፦ የምኖረው ሊዮን ነው። በጀቱ አነስተኛ ለሆነ የፈረንሳይ ፊልም ማጀቢያ ሙዚቃ እንድሠራ ተጠይቄያለሁ። ፊልሙ 90 ደቂቃ ነው፤ ሙዚቃው 20 ደቂቃ ገደማ ይሆናል። ፕሮዲዩሰሩ «ሁሉን ያካተተ 4000 ዩሮ» ብሎኛል። ኤዲቲንጉ ገና አላለቀም። ልፈርም?

መልስ፦ እንዲህ እንዳለ አይፈርሙ። «ሁሉን ያካተተ» ሲባል የስቱዲዮውም፣ የተጫዋቾቹም፣ የሚክሲንጉም ወጪ የእርስዎ ነው ማለት ነው። ቫዮሊንና ቼሎ የሚጫወቱ አራት ሰዎች ለአንድ ቀን ከቀጠሩ የድካምዎ ዋጋ የት እንደገባ አያውቁትም። በውሉ ላይ የድርሰት ክፍያውና የቀረጻ በጀቱ ለየብቻ ይጻፉ።

ዋናው ገቢ ደግሞ ከዚህ ክፍያ በኋላ የሚመጣው ነው። በፈረንሳይ ከ1957 እ.ኤ.አ. ሕግ ጀምሮ ለፊልሙ ተብሎ ሙዚቃ የደረሰ ሰው፣ ከዳይሬክተሩና ከስክሪፕት ጸሐፊው እኩል የፊልሙ ደራሲ ተብሎ ይቆጠራል። ሲኒማ ቤቶችም ከትኬት ሽያጫቸው ለሙዚቃ ደራሲያን ማኅበሩ ለሳሴም ይከፍላሉ (የአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ይህን አይከፍሉም)። ስለዚህ አባል ይሁኑና እያንዳንዱን ሙዚቃ በርዕሱ፣ በደቂቃና በሰከንዱ ያስመዝግቡ። ብዙ ጊዜ ችግር የሚመጣው ፊልሙ በጊዜያዊ ስሙ ተመዝግቦ በሌላ ስም ለሕዝብ ሲቀርብ ነው፤ ገንዘቡ ይሰበሰባል፣ ባለቤቱ ግን አይገኝም። ዳይሬክተሩ የቆየ ዘፈን ከጨመረበትም ርዝመቱ በትክክል መመዝገቡን ያረጋግጡ፤ የሚካፈለው ከእርስዎው ድርሻ ነው።

ፕሮዲዩሰሩ «አሳታሚውም (የሙዚቃውን መብት የሚያስተዳድረው) እኔ ልሁን» ማለቱ አይቀርም። በመሣሪያ ብቻ ለተሠራ ሙዚቃ፣ ከሕዝባዊ ማሳያ ገቢ አብዛኛውን ጊዜ ሲሶው ለአሳታሚው ይሄዳል። ሲሶ የሚፈልግ ሰው የቀረጻውን ወጪ ይሸፍን።

ኤዲቲንጉ እስኪዘጋ ድረስ ዜማ ብቻ ይንደፉ፤ ከምስል ጋር አያጣብቁ። ከተዘጋ በኋላ የሚመጣ ለውጥ ተጨማሪ እንደሚያስከፍልም በውሉ ይግባ። ምስሉን ሲረከቡ በሰከንድ ስንት ፍሬም (ነጠላ ምስል) እንደሆነ ይጠይቁ። ለሲኒማ ቤት 24 ነው፤ በቴሌቪዥን ልማድ 25 ላይ ከሠሩ የአንድ ደቂቃው ትዕይንት በእርስዎ ኮምፒውተር በ57.6 ሰከንድ ያልቃል። ሲኒማ ቤት ሲታይ ታዲያ በትዕይንቱ መጨረሻ በር ሲዘጋ እንዲመታ ያደረጉት ከበሮ፣ በሩ ከመዘጋቱ 2.4 ሰከንድ ቀድሞ ይመታል።

የድምፅ ፋይሎቹን ሲያስረክቡ በ48 ኪሎኸርዝ፣ በ24 ቢት ጥራት፣ መሣሪያዎቹን በየቡድናቸው ለይተው ይስጡ። ተዋናዩ ሲናገር የፊልሙን ድምፅ የሚያመጣጥነው ባለሙያ ዋሽንቱን ብቻ መቀነስ ካልቻለ ሙዚቃውን በሙሉ ይቀንሰዋል።