ጥያቄዎና መልሳችን፦ ከቤተሰብ ፊልም ወደ ዜና ፎቶግራፍ

ጥያቄ፦ ያደግሁት አባቴ ዳይሬክተር፣ እናቴ አልባሳት አዘጋጅና ምግብ አብሳይ፣ እኛ ልጆች ደግሞ ተዋናይም የሪፍሌክተር (ብርሃን ወደ ተቀራጩ የሚመልስ ሰሌዳ) ያዥም በሆንንበት ቤት ነው። በሠርግ ቀረጻ በምናገኘው ገንዘብ በቪሲዲ የሚሸጡ አነስተኛ ፊልሞች እንሠራ ነበር። አሁን የፎቶ ጋዜጠኛ ለመሆን ቆርጫለሁ። አባቴ ግን ቀፊራ ገበያ ውስጥ ሳላነሳት ያመለጠችኝን ተሸካሚ «እስቲ እንደገና እለፊ» ብዬ ባስደግማት ማንም አይጎዳም ይለኛል። እውነት ነው? ከቤት የተማርኩትስ ይጠቅመኛል? (ከሳቢያን፣ ድሬዳዋ)

መልስ፦ አባትዎ በራሳቸው ሙያ ትክክል ናቸው። የፊልም ተመልካች የተቀነባበረ ነገር እንደሚያይ አውቆ ስለሚገዛ፣ ተዋናይዋ አሥር ጊዜ ብትመላለስ የተታለለ ሰው የለም። የጋዜጣ አንባቢ ግን ፎቶውን የሚያምነው ሴትዮዋ ካሜራው ባይኖርም በዚያው መንገድ ታልፍ እንደነበር አስቦ ነውና፣ በትእዛዝ ያለፈችበት ምስል ዜና ተብሎ ሲወጣ የሚጎዳው ይኸው እምነት ነው። ካመለጠችዎ ይጠብቁ፤ ከዙሪያው ገጠር የሚመጡ የኦሮሞና የሶማሌ ነጋዴዎች በሚገናኙበት በቀፊራ ሌላ ተሸካሚ ማለፏ አይቀርም። አስቁመው ፊቷን ማንሳት ቢፈልጉ ነውር የለበትም፤ በፎቶው መግለጫ ላይ ግን ለመነሳት ብላ መቆሟ በግልጽ ይጻፍ።

በመጋቢት 2011 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አየር መንገድ በረራ 302 ቢሾፍቱ አቅራቢያ በተከሰከሰበት ስፍራ ፎቶ ጋዜጠኛው ሙሉጌታ አየነ ያነሳቸው ምስሎች እ.ኤ.አ. በ2020 ወርልድ ፕሬስ ፎቶ የተባለውን ዓለም አቀፍ የዜና ፎቶግራፍ ውድድር ሽልማት አግኝተዋል። ከመካከላቸው አንዱ በሐዘን ብዛት አፈር በፊቷ ላይ የምትበትን ሴት ያሳያል። ያንን ቅጽበት «ይደገም» የሚል ሰው ሊኖር እንደማይችል ለማንም ግልጽ ነው፤ እኔ የምለው የተሸካሚዋም እርምጃ ተመሳሳይ ክብር ይገባዋል ነው። ምስሉ ከተነሳ በኋላም ሕጉ አይለወጥም፦ እ.ኤ.አ. በ2015 በዚሁ ውድድር ከመጨረሻው በፊት ወደነበረው ዙር ከደረሱት ሥራዎች 20 በመቶ ያህሉ በኮምፒውተር የተጨመረባቸው ወይም የተቀነሰባቸው ነገር ስለተገኘ ውድቅ ተደርገዋል።

ከቤት የተማሩት እጅግ ይጠቅምዎታል። የድሬዳዋ የቀትር ፀሐይ የሰውን ዓይን በጥላ እንደሚሸፍን፣ ማለዳና አመሻሽ ግን ብርሃኑ እንደሚለሰልስ ሪፍሌክተር ይዞ ያደገ ልጅ ያውቃል። በየቀረጻው ማን የት እንደቆመ መመዝገብ ከለመዱ፣ ስምን፣ ቦታንና ቀንን በትክክል የሚይዝ የፎቶ መግለጫ ለመጻፍ አይቸገሩም፤ ብዙ ጀማሪዎች የሚወድቁት እዚህ ላይ ነው። መተው ያለብዎት ሰውን የማቀናበር ልማድ ብቻ ነው፤ እሱም በቀላሉ አይለቅም፤ ስለዚህ ገበያ ሲገቡ መጀመሪያ ካሜራውን ሳያነሱ ቆመው ይመልከቱ።

ፈቃድንም በሚመለከት፣ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 የሰውን ፎቶግራፍ ያለ ፈቃዱ ለሕዝብ ማሳየትና መሸጥን ይከለክላል። አንቀጽ 28 ግን ባለሥልጣንንና ታዋቂ ሰውን፣ እንዲሁም የሕዝብን ጥቅም የሚመለከቱ ወይም በአደባባይ የተፈጸሙ ሁኔታዎችን ለይቶ ይፈቅዳል። ሕጉ ቢፈቅድም ከተቻለ መጠየቅ ይሻላል፤ ሕፃን ከሆነ ደግሞ ወላጁን።

ለመጀመሪያ ሥራዎ የባቡር ጣቢያውን እንዲመርጡ የሚመክሩዎ ይኖራሉ፤ ከተማዋ በ1895 ዓ.ም. ሐዲዱ በመድረሱ የተቆረቆረች ናትና ምክራቸው መጥፎ አይደለም። እኔ ግን የወላጆችዎን ቀረጻ እንዲያነሱ እመርጣለሁ። ተውኔቱ የተቀነባበረ ቢሆንም እናትዎ ልብስ በሌሊት ሲሰፉ፣ አባትዎ ከተዋናይ ጋር ስለ ክፍያ ሲነጋገሩ የሚታየው እውነት ነው፤ ሌላ ፎቶግራፈርም እዚያ ቤት እንደ እርስዎ አይገባም። ሥራውን ለኅትመት ሲልኩ የቤተሰቡ ልጅ መሆንዎን ለአዘጋጁ አስቀድመው ይንገሩ፤ አባትዎም «ቆይ፣ ብርሃኑን ላስተካክልልህ» ወይም «ላስተካክልልሽ» ቢሉ አመስግነው እምቢ ይበሉ።