«የኦርት ደመና» ወይስ «የኡርት»? ደመናስ ነው?

ጥያቄ፦ ጅማ ውስጥ ሳይንስ አስተምራለሁ። ከፕላኔቶች ሁሉ ርቆ ሥርዓተ ፀሐይን የከበበውን የበረዷማ ጅራታም ኮከቦች ክምችት አንዱ ጽሑፍ «የኡርት ደመና»፣ ሌላው «የኦርት ደመና» ይለዋል። ተማሪዎቼ ደግሞ «በረዶ ከሆነ ለምን ደመና ተባለ?» እያሉ ይሞግቱኛል። «ግድብ» ወይም «ጎተራ» ብለው ያስኬዳል?

መልስ፦ የፊደሉ ነገር አያከራክርም። ስሙ የሆላንዳዊው የከዋክብት ተመራማሪ የያን ኦርት ነው። በሆላንድኛ «ኦ» የሚነበበው ፊደል ሲደገም ድምፁ ይረዝማል እንጂ ወደ «ኡ» አይዞርም። «ኡርት» የመጣው በእንግሊዝኛ ንባብ ልማድ ነው፤ ከእንግሊዝኛ ተናጋሪዎቹ ራሳቸው ግን ብዙዎቹ «ኦርት» ነው የሚሉት። ጅማ ላይ ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። በአፋን ኦሮሞ ኮከብ «ኡርጂ» ስለሆነ ተማሪው «ኡርት»ን የኮከብ ዘመድ ቢያደርገው አይፈረድበትም። «ኦ» ብለው ይጻፉና ይለፉ።

የሚያንገበግበኝ «ደመና» ነው። ቃሉ በግእዝም በአማርኛም ያው ነው። ሰማዩ ዳመነ ስንል ተሸፈነ፣ ከበደ፣ ሊዘንብ ነው ማለታችን ነው። ኦርት እ.ኤ.አ. በ1950 ያመለከተው ክምችት ግን ምንም አይሸፍንም። እዚያ ያሉት አካላት በብዙ ቢሊዮን፣ ምናልባትም በትሪሊዮን የሚገመቱ ቢሆኑም አንዱ ከጎረቤቱ በአስር ሚሊዮኖች ኪሎ ሜትር ይራራቃል። ፀሐይን ጅማ መሃል አስቀምጠው መሬትን አንድ ሜትር ያርቋት። ነፕቱን 30 ሜትር ላይ ነው፣ ከግቢ አልወጣም። የክምችቱ ውስጠኛ ጠርዝ ከ2 እስከ 5 ኪሎ ሜትር ላይ ይጀምራል፤ ውጨኛው እስከ 100 ኪሎ ሜትር ይገመታል፣ አጋሮን አልፎ በበደሌ መንገድ ማለት ነው። እንዲህ የተበተነ ነገር በአማርኛ ደመና ይባላል? ፈረንጆቹ «ደመና» ያሉት ቅርጹን አይተው ነው። ረጅም ምህዋር ያላቸው ጅራታም ኮከቦች ከአንድ ዝርግ መስመር ሳይሆን ከላይም ከታችም ከየአቅጣጫው ስለሚመጡ፣ መነሻቸው ፀሐይን እንደ ኳስ የከበበ መሆን አለበት ብለው ነው። ከነፕቱን ባሻገር ያለው ሌላው የበረዷማ አካላት ክምችት፣ የኩይፐር ቀበቶ፣ ግን ጠፍጣፋ ስለሆነ «ቀበቶ» መባሉ ደግ ነው። (እኔ «መቀነት» እል ነበር፤ ይቅር።)

ለእኔ ትክክለኛው ቃል «መዝገብ» ነበር። ግእዙ «ዘገበ» አከማቸ፣ አደለበ ነው፤ «መዝገብ» የተከማቸበት ቤት፣ ግምጃ ቤት ነው። መዝገበ ቃላት የቃላት ጎተራ እንጂ የቃላት የስም ዝርዝር አይደለም። በመጽሐፈ ኢዮብ ምዕራፍ 38 ላይም ፈጣሪ ኢዮብን የበረዶውን መዛግብት አይተህ ታውቃለህን ብሎ ይጠይቀዋል። የበረዶ መዝገብ! ከዚህ የተሻለ ስም ከየት ይመጣል?

«ግድብ»ን አልቀበልም። ግድብ ግንቡ ነው፤ ግልገል ጊቤን ያየ ተማሪ ውሃውን የያዘው ግንብ መሆኑን ያውቃል። ኦርት ያመለከታቸውን አካላት የሚይዛቸው ግንብ የለም፤ ያለው እዚያ ርቀት ላይ እጅግ የላላ የፀሐይ ስበት ብቻ ነው። በአጠገብ የሚያልፍ ኮከብ ወይም የጋላክሲያችን ስበት ትንሽ ሲነካቸው አንዳንዱ ወደ ፀሐይ ይወርዳል፣ አንዳንዱ ጭራሽ ያመልጣል። «ጎተራ»ም ባለቤት አስቦ የሚሞላው ነው። እነዚህ ግን ለፀሐይ ቀረብ ብለው ከተፈጠሩ በኋላ በጁፒተርና በሌሎቹ ግዙፍ ፕላኔቶች ስበት ተወርውረው እዚያ የቀሩ ናቸው።

እግረ መንገድ «ጅራታም ኮከብ»ንም የሚያጥላሉ አሉ። «ኮከብም አይደለም፣ ጅራትም የለውም፣ ኮሜት በሉ» ይላሉ። ኮከብ በሴም ቋንቋዎች ሰፊ ቃል ነው፤ በዛሬው አረብኛ «ከውከብ» ፕላኔት ነው። «ኮሜት» ራሱ ከግሪክ የመጣ «ጸጉራም» ማለት ነው፤ ከጅራት ሸሽቶ ጸጉር ላይ መውደቅ ምን ይሉታል? አረብኛም የሚጠራው በጅራቱ ነው፤ ሥሩ ከግእዙ «ዘነብ»፣ ማለትም ከጅራት ጋር አንድ ነው። የተቺዎቹ ሐሳብ በአንድ በኩል ብቻ ያስኬዳል። «-ኣም» እንደ ሆዳም፣ እንደ ጢማም የማይለቅ ጠባይ ያመለክታል፤ በረዶው ግን በደንብ መትነን የሚጀምረው ለፀሐይ ሲቀርብ፣ በጅማው ልኬታችን 3 ሜትር ገደማ ሲደርስ ነው። ያኔም ጅራቱን የፀሐይ ብርሃንና «የፀሐይ ነፋስ» የሚባለው ከፀሐይ የሚወጣ የቅንጣቶች ፍሰት ስለሚገፉት ወደ ኋላ ሳይሆን ሁልጊዜ ከፀሐይ ተቃራኒ ይዘረጋል፤ ሲመለስ ጅራቱ ከፊት ይሄዳል። እዚያ ሩቅ ያሉትን «ጅራት ያላበቀሉ» ብለው ቢያስረዱ ይበቃል። ከ«ተወርዋሪ ኮከብ» ጋር ግን አያምታቱ፤ እሱ አየራችን ውስጥ ገብቶ የሚነድ ቅንጣት ነው።

ወደ «መዝገብ» ስመለስ ግን እጄ ያጥራል። ዛሬ ቃሉ የፍርድ ቤትና የስም ዝርዝር ሆኗል። ከዚያም የከፋው፣ ተመራማሪዎች የጅራታም ኮከቦችን ስምና ምህዋር የሚያሰፍሩበት እውነተኛ መዝገብ አላቸው። «የጅራታም ኮከቦች መዝገብ» ያለ ሰው የቱን እንዳለ አይለይም። ስለዚህ ሰሌዳው ላይ «የኦርት ደመና» ብለው ይጻፉ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲጠቅሱት ከጎኑ «የጅራታም ኮከቦች ክምችት» ይጨምሩበት፤ ከዚያ በኋላ «ደመናው» ቢሉም አልከስዎትም። ፈተና ላይ ግን «መዝገብ» ብሎ የጻፈ ተማሪ ካጋጠመዎ ግማሽ ነጥብ አይንፈጉት።