የፒኤስ 4 (ፕሌይስቴሽን 4) ቪአር ጌሞች፣ ማለትም መነጽር አጥልቀህ የምትጫወታቸው፣ ፒኤስ 5 ላይ ይሠራሉ ወይ ላልከው

ይሠራሉ። ግን እ.ኤ.አ. በ2016 በወጣው በድሮው የቪአር መነጽር ብቻ ነው። በ2023 የወጣው አዲሱ መነጽር፣ ቪአር 2፣ አያጫውታቸውም፤ ጌሙ ለእሱ ተብሎ እንደገና ካልተሠራ በቀር።

ስለዚህ ለጌም ቤትህ እንዲሆንህ የድሮውን መነጽር አትሽጠው። የመነጽሩን እንቅስቃሴ የሚከታተለውን የፒኤስ 4ቱን ካሜራ በአዳፕተር (በማገናኛ) ፒኤስ 5 ላይ ትሰካለህ። የፒኤስ 5 የራሱ ካሜራ ለዚህ አይሆንም። ጌሙ ሁለት ቨርዥን ካለው ደግሞ የፒኤስ 4ቱን ጫን፤ ብዙ ሰው የሚሸወደው እዚህ ላይ ነው።

አንድ ነገር ተጠንቀቅ። እኔ እዚሁ ጅማ፣ ሂርማታ አካባቢ ያገለገለ መነጽር በርካሽ አገኘሁ ብዬ ዘልዬ ገዛሁ። ቤት ስደርስ በመነጽሩና በኮንሶሉ መሃል የምትገባዋ ትንሽ ሳጥን የለችም! ያለሷ መነጽሩ ጌጥ ነው። ሰክተህ ሳታየው ብር እንዳትከፍል።