የጫማ ሰፊው የእህት ልጅ፦ ስለ ሎይድ ጆርጅ ጥያቄና መልስ

ስለ እንግሊዝ ጡረታ ስናወራ የዴቪድ ሎይድ ጆርጅ ስም ተነሣና ጥያቄው በረከተ። ሰውዬው ከ1916 እስከ 1922 የብሪታንያ ጠቅላይ ሚኒስትር ነበር። የማውቀውን እነሆ። ዓመቶቹም ወሮቹም ቀኖቹም በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ እንግሊዛዊ ነው ወይስ ዌልሳዊ? ሁለቱንም ሲሉ ሰምቻለሁ።

የተወለደው በ1863 እንግሊዝ አገር፣ ማንቸስተር ነው። ሰውዬው ግን ዌልሳዊ ነው። አባቱ አስተማሪ ነበር፤ ልጁ ሁለት ዓመት ሳይሞላው ሞተ። እናቱ ልጆቿን ይዛ ሰሜን ዌልስ፣ ላኒስተምድዊ የምትባል መንደር፣ ወንድሟ ዘንድ ገባች። ወንድሟ ሪቻርድ ሎይድ ጫማ ሰፊ ነው፤ እሑድ እሑድ ደግሞ ይሰብካል። ይህ አጎት የእህቱን ልጅ ጠበቃ ሊያደርግ ቆርጦ ተነሣ። ፈተናው ላቲንና ፈረንሳይኛ ይጠይቃል፣ አስጠኚ መቅጠሪያ የለም። ስለዚህ ራሱ መዝገበ ቃላት ይዞ ከልጁ እኩል ተማረ። «ሎይድ» የሚለው ስም የእናቱና የዚህ አጎት የቤተሰብ ስም ነው። አፉን በዌልሽኛ የፈታ የብሪታንያ ጠቅላይ ሚኒስትር እሱ ብቻ ነው።

ጥያቄ፦ ታዲያ ያለ ገንዘብና ያለ ዘመድ ፓርላማ እንዴት ገባ?

በምላሱና በአንድ የቀብር ክርክር። ይህቺን ታሪክ በጣም እወዳታለሁ።

አንድ ሽማግሌ የድንጋይ ካባ ሠራተኛ ሞተ። ኑዛዜው ከልጄ አጠገብ ቅበሩኝ የሚል ነበር። ልጅቷ ያረፈችው በአንግሊካን ቤተ ክርስቲያን ግቢ ነው፤ እሱ ግን የሌላ እምነት ተከታይ ነው። የደብሩ ቄስ በእናንተ ሥርዓት እዚህ አይቀበርም አሉ። ሕጉ ከ1880 ጀምሮ ይፈቅዳል። ቤተሰቡ ወጣቱን ጠበቃ አማከረ። እሱም በሩ ከተቆለፈ ሰብራችሁ ግቡ አላቸው። ሰብረው ገቡ፣ ቀበሩት። ጉዳዩ ፍርድ ቤት ሄደ፤ የአካባቢው ዳኛ ፈረደባቸው። ሎይድ ጆርጅ ለንደን ድረስ ይግባኝ ብሎ በ1888 ረታ።

ከዚያ በኋላ በሰሜን ዌልስ የማያውቀው ሰው ጠፋ። በ1890 በ18 ድምፅ ብልጫ ብቻ ተመረጠ፤ 27 ዓመቱ ነበር። ያንን ወንበር ለ55 ዓመት ማንም አልቀማውም።

ጥያቄ፦ ጡረታን የጀመረው እሱ ነው?

ብቻውን አይደለም። ዕቅዱን ያዘጋጀው ከሱ በፊት የገንዘብ ሚኒስትር የነበረው አስኩዊዝ ነው። ጠቅላይ ሚኒስትር ሲሆን የገንዘብ ሚኒስትርነቱን ለሎይድ ጆርጅ ለቀቀለት፤ ሕጉን በ1908 በፓርላማ ያሳለፈው እሱ ሆነ። ከጥር 1909 ጀምሮ 70 ዓመት የሞላው ድሃ ፖስታ ቤት ሄዶ በሳምንት እስከ 5 ሺሊንግ ይቀበል ጀመር። ትንሽ ናት፤ ግን ከድሆች መጠለያ ታድናለች።

የራሱ የሚባለው የ1911 የኢንሹራንስ ሕግ ነው። ሠራተኛው በሳምንት 4 ፔንስ፣ አሠሪው 3፣ መንግሥት 2 ያዋጣሉ፤ ሠራተኛው ሲታመም ሐኪምና የሕመም ጊዜ ገንዘብ ያገኛል። «በአራት ፔንስ ዘጠኝ ፔንስ» እያለ ነበር የሚቀሰቅሰው። ነጋዴ ቢሆን ይከብር ነበር።

ጥያቄ፦ ከባላባቶቹ ጋር ምን አጣላው?

ግብር ነዋ! በ1909 የጡረታም የጦር መርከብም ገንዘብ ያስፈልግ ነበር። ከፍተኛ ገቢ ባላቸው ላይ ተጨማሪ ግብር፣ ባለቤቱ ምንም ሳይሠራበት ዋጋው በጨመረ መሬት ላይ ደግሞ ሌላ ግብር አመጣ። በጀቱን ለማንበብ ከአራት ሰዓት በላይ ፈጀበት። ባለመሬቶቹ የተቀመጡበት የጌቶች ምክር ቤት ውድቅ አደረገው። በገንዘብ ሕግ ጣልቃ አለመግባት የቆየ ልማድ ነበርና አገር ተናወጠ። እሱ እቴ! ደስ ብሎት አደባባይ ወጣ። አንድን መስፍን ማኖር የሁለት ትልልቅ የጦር መርከቦች ያህል ወጪ አለው፣ መስፍኑ ደግሞ ዕድሜው ይረዝማል ብሎ ሕዝቡን አሳቀ። በ1910 ሁለት ጊዜ ምርጫ ተደረገ። በ1911 በወጣ ሕግ ጌቶቹ የገንዘብ ሕግ የመጣል ሥልጣናቸውን አጡ።

ጥያቄ፦ በአንደኛው የዓለም ጦርነትስ?

ግንባሩ የመድፍ ጥይት አጥሮት ሳለ በ1915 የጦር መሣሪያ ሚኒስትር ሆኖ ፋብሪካዎቹን አንቀሳቀሰ፤ ሴቶች በብዛት ገቡባቸው። በታኅሣሥ 1916 አስኩዊዝን ተክቶ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ። ከጀርባ ወጋው የሚሉ አሉ፤ እኔም ከነሱ ነኝ። ፓርቲያቸው ሊበራል ለሁለት የተሰነጠቀው ያኔ ነው።

ጥያቄ፦ ማዕረግ ይሸጥ ነበር የሚባለው እውነት ነው ወይስ የጠላት ወሬ?

እውነት ነው። ከሱ በፊትም ማዕረግ በገንዘብ ይገኝ ነበር፤ እሱ ግን ገበያ አወጣው። ማውንዲ ግሪጎሪ የሚባል ደላላ ነበር። የ«ሰር» ማዕረግ እስከ 10,000 ፓውንድ ይጠራ ነበር፤ ከዚያ በላይ የፈለገ በዚያው ልክ ይከፍላል። ገንዘቡ ለፖለቲካ ካዝናው ነው። በ1922 ቅሌቱ ፈነዳ፤ በ1925 ሽያጩን ወንጀል የሚያደርግ ሕግ ወጣ።

ጥያቄ፦ ትዳሩስ?

ሚስቱ ማርጋሬት ዌልስን ትመርጥ ነበር። ጸሐፊው ፍራንሲስ ስቲቨንሰን ለንደን ውስጥ ለሠላሳ ዓመት ገደማ ውሽማው ነበረች። ማርጋሬት በ1941 ስትሞት፣ በ1943 አገባት።

ጥያቄ፦ በጣልያን ወረራ ጊዜ ለኢትዮጵያ ተከራክሯል ሲሉ ሰማሁ።

አዎ፣ ያውም በትልቁ። በግንቦት 1936 አዲስ አበባ ተያዘች፤ በሰኔ ጃንሆይ ተሰድደው ለንደን ናቸው። ሰኔ 18 የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ኤደን በጣልያን ላይ የተጣለው ማዕቀብ እንዲነሣ መንግሥት መወሰኑን ለፓርላማ ነገረ። የ73 ዓመቱ ሎይድ ጆርጅ ተነሣ። ለኢትዮጵያ እንቆማለን ብላችሁ አልነበረም ወይ የተመረጣችሁት ብሎ አፋጠጣቸው። በመጨረሻም ወደ ሚኒስትሮቹ ወንበር እያመለከተ ፈሪዎቹ እነዚሁላችሁ አለ። ጃንሆይ ጄኔቭ ላይ የተናገሩት ከዚህ 12 ቀን በኋላ ነው።

ለመቀደስ ግን አትቸኩሉ። በዚያው ዓመት መስከረም ላይ ጀርመን ሄዶ ሂትለርን ጎበኘ። ሲመለስ በጋዜጣ ላይ የጀርመን ጆርጅ ዋሽንግተን ነው ብሎ ጻፈለት። የሙሶሎኒን ጉልበተኝነት ያየ ዓይን የሂትለርን አላየም። ዕድሜ ነው የሚሉ አሉ። እኔ ግን ከጥንትም ሥራ የሚያንቀሳቅስ ሰው ሲያይ ልቡ ይደነግጥ ነበር ባይ ነኝ።

ጥያቄ፦ ከ1922 በኋላ ለምን ሥልጣን አልተመለሰም?

የሚመልሰው ፓርቲ ስለሌለው። ከ1918 በኋላ ወንበሩን ይዘውለት የነበሩት ወግ አጥባቂዎቹ ናቸው። በጥቅምት 1922 ካርልተን በሚባለው ክለባቸው ተሰብስበው ጥምረቱን አፈረሱ፤ በዚያው ቀን ለቀቀ። የአስኩዊዝ ሊበራሎች አላመኑትም። ድሃው መራጭም ወደ ሠራተኞቹ ፓርቲ፣ ወደ ሌበር ሄዷል።